ሰው የሌለበት የምርጫ ክልል፦ ኦልድ ሳረም እንዴት ይመርጥ ነበር?

አንድ ጠያቂ እንዲህ ብለው ጽፈውልኛል፦ «እንግሊዝ አገር ሰው የማይኖርበት የገጠር ምርጫ ክልል ነበር፣ ያም ሆኖ ሁለት እንደራሴ ወደ ፓርላማ ይልክ ነበር ሲባል ሰማሁ። ጓደኞቼ ተረት ነው አሉኝ። እውነት ነው? እውነት ከሆነ ማን ነበር የሚመርጠው? ምርጫው ይጭበረበር ነበር ማለት ነው? ለእኛስ የሚነግረን ነገር ይኖር ይሆን?»

ተረት አይደለም። የምርጫ ሕግ ታሪክ ሳስተምር በየዓመቱ የምጀምረው በዚህ ቦታ ነው። ተማሪዎቼ መጀመሪያ አያምኑኝም። ከዚያ ይናደዳሉ። ከዚያ መጠየቅ ይጀምራሉ። እርስዎም ጥሩ ጥያቄ ጠይቀዋልና ረዘም አድርጌ እመልሳለሁ። ዓመቶቹንና ወሮቹን በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የማስቀምጠው፤ ወደ አገራችን ስመጣ «ዓ.ም.» ብዬ እለያቸዋለሁ።

ቦታው ኦልድ ሳረም ይባላል። አሮጌው ሳረም ማለት ነው። ደቡብ እንግሊዝ፣ ዊልትሸር የሚባል አውራጃ ውስጥ ነው። ከሳልስበሪ ከተማ በስተሰሜን 3 ኪሎ ሜትር ያህል ቢጓዙ ያገኙታል። ዛሬ እዚያ ያለው ትልቅ ክብ የአፈር ጉብታ ነው። ዙሪያውን ጥልቅ ቦይ ተቆፍሮለታል። ላዩ ሣር ነው። የፈረሰ ግንብ አለ፣ የአሮጌ ካቴድራል መሠረትም ይታያል። እኔ የሄድኩ ቀን ነፋሱ አላስቆም ብሎኝ ነበር። ቁልቁል ስመለከት የሳልስበሪ ካቴድራል ጫፍ ቀጥ ብሎ ታየኝ። 123 ሜትር ቁመት አለው። የዚህ ምርጫ ክልል ታሪክ በእነዚያ ሁለት ቦታዎች መካከል ያለ ታሪክ ነው። ሰዉ ወደ ታች ወረደ። ድምፁ ግን ላይ ቀረ።

ጉብታው ድሮ ባዶ አልነበረም። ድል አድራጊው ዊልያም እንግሊዝን ከያዘ በኋላ ግንብ አሠራበት። በ1086 የአገሩን ታላላቅ ባለመሬቶች እዚሁ ሰብስቦ የታማኝነት ቃል አስገብቷቸዋል። በ1092 ካቴድራሉ ተመረቀ። ጳጳሱም የንጉሡ ወታደሮችም በአንድ ግቢ ይኖሩ ነበር። ይሄ አልተስማማቸውም። ካህናቱና ወታደሮቹ ይጣሉ ነበር። ውኃ አይበቃም። ነፋሱ ደግሞ ያው ነው። በመጨረሻ ጳጳሱ ሜዳው ላይ፣ ወንዙ አጠገብ፣ አዲስ ካቴድራል ለመሥራት ወሰነ። የመሠረት ድንጋዩ በ1220 ተጣለ። የላይኛው ቤተ ክርስቲያን ፈርሶ ድንጋዩ ሳይቀር ወደ ታች ተወሰደ። ነጋዴው፣ አናጺው፣ ሸማኔው ሁሉ ካህናቱን ተከትሎ ወረደ። አዲሱ ከተማ ዛሬ ሳልስበሪ የምንለው ነው።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚሳሳትበትን ነገር ላርም። «ኦልድ ሳረም ትልቅ ከተማ ሳለ እንደራሴ የመላክ መብት አገኘ፣ በኋላ ሰዉ ሄደ፣ መብቱ ቀረ» ይባላል። ቅደም ተከተሉ እንደዚያ አይደለም። ንጉሥ ኤድዋርድ 1ኛ ከየከተማው ሁለት ሁለት ሰው ይምጣልኝ ብሎ የጠራው በ1295 ነው። ያኔ ካቴድራሉ ከጉብታው ከወረደ 75 ዓመት አልፎታል። ኦልድ ሳረም ገና ከመጀመሪያው ሲጠራ እየከሰመ ያለ ቦታ ነበር። ግንቡ ግን ገና አልፈረሰም፣ ስሙም ከከተሞች ዝርዝር አልተፋቀም። ስለዚህ ተጠራ። ከዚያ በኋላ ለረጅም ጊዜ ሰው አልላከም። ከ1360ዎቹ ጀምሮ ግን በቋሚነት ሁለት ሁለት እንደራሴ መላክ ቀጠለ። አዲሱ ሳልስበሪ ደግሞ የራሱን ሁለት ይልክ ነበር። አንዱ ሕዝብ ወርዶ አራት ወንበር ሆነ ማለት ነው።

ያን ጊዜ ፓርላማ መግባት እንደ ዛሬው የሚፈለግ ነገር አልነበረም። እንደራሴውን የላከው ከተማ አበል ይከፍላል። ለከተማ እንደራሴ በቀን 2 ሽልንግ ነበር። ብዙ ትናንሽ ከተሞች «እባካችሁ አትጥሩን» ብለው ይለምኑ ነበር። ይህን የማነሣው ያለ ምክንያት አይደለም። መብቱ ሲጀመር ማንም እንደ ሀብት አላየውም። ዝርዝሩን የሚጠብቅ፣ የሚያርም፣ የሞተውን የሚሰርዝ አካልም አልተቋቋመም። ምክንያቱም ያን ጊዜ ዝርዝሩ ላይ መኖር የሚያስቀና አልነበረም። የሚያስቀና ሲሆን ደግሞ ማን ይንካው?

በንጉሥ ሄንሪ 8ኛ ዘመን፣ በ1540 ገደማ፣ ጆን ሌላንድ የሚባል አገር ተመልካች ምሁር እዚያ አልፎ ነበር። በጉብታው ውስጥም ሆነ ውጭ ሰው ያለበት አንድም ቤት እንደሌለ መዝግቧል። ልብ ይበሉ። ምርጫው ከዚያ በኋላ ወደ ሦስት መቶ ዓመት ቀጥሏል።

እንግዲህ ወደ ጥያቄዎ እንምጣ። ሰው ከሌለ ማን መረጠ?

መልሱ መሬቱ ነው። በኦልድ ሳረም የመምረጥ መብት የነዋሪ መብት አልነበረም። ጥንት ከተማ ሳለ የነበሩ የተወሰኑ ቦታዎች አሉ። ቤት የተሠራባቸው፣ ለጌታው ዓመታዊ ግብር የሚከፈልባቸው ቦታዎች ናቸው። ድምፁ ከእነዚያ ቦታዎች ጋር የተጣበቀ ነው። ቦታውን የያዘ ይመርጣል። ቤቱ ቢፈርስ፣ በላዩ ስንዴ ቢዘራ፣ ባለቤቱ ለንደን ቢኖር፣ ድምፁ አይነቀልም።

እኛ ይህን ለመረዳት ከብዙ ሕዝብ እንቀርባለን። ርስትን እናውቃለንና። ጎጃም ርስት ያለው ሰው አዲስ አበባ ሃምሳ ዓመት ቢኖር ርስቱ ርስቱ ነበር። «ያባቴ ነው» ብሎ ይመለሳል፣ ይሟገታል። የኦልድ ሳረም ድምፅም እንዲሁ መሬት ላይ የተተከለ ነበር። አንድ ትልቅ ልዩነት ግን አለ። ርስት የዘር ነው፣ እንደ ዕቃ ገበያ አይወጣም። የኦልድ ሳረም ቦታ ግን ይሸጥ ነበር። ሁሉንም ቦታ አንድ ሰው ሲገዛው ደግሞ ድምፆቹን ሁሉ ገዛ ማለት ነው። ከዚያ በኋላ ርስትነቱ ቀርቶ ጉልት መሰለ። በዚህ ጉልት ላይ ግን የሚገብር ገበሬ የለም፤ የሚገኘው ግብር ሁለት የፓርላማ ወንበር ነው።

እንዲህ አድርጎ የገዛው ሰው ቶማስ ፒት ይባላል። በ1691 ቦታውን ከሳልስበሪው ኧርል (የመኳንንት ማዕረግ ነው) ቤተሰብ እጅ ገዛ። ይህ ሰው በኋላ በሕንድ የማድራስ ገዥ ሆነ። እዚያ ሳለ ከ400 ካራት በላይ የሚመዝን አልማዝ ገዛ፤ ተቆርጦና ተስሎ በ1717 በሕፃኑ ንጉሥ ስም ፈረንሳይን ይገዛ ለነበረው ሞግዚት በ135,000 ፓውንድ ተሸጠ። አልማዙ ዛሬም የፓሪሱ ሉቭር ሙዚየም ስብስብ ነው። ሰዎች ብዙ ጊዜ የሚያስታውሱት አልማዙን ነው። ለእንግሊዝ ታሪክ ግን የበለጠ የሠራው ያ ሣር የበቀለበት ጉብታ ነው።

እንዴት ቢሉ፣ የቶማስ ፒት የልጅ ልጅ ዊልያም ፒት በ1735 ፓርላማ የገባው በኦልድ ሳረም በኩል ነው። ያኔ 26 ዓመቱ ነበር። ታላቅ ወንድሙ በሁለት ቦታ ተመርጦ ስለነበር ሌላውን ያዘና ኦልድ ሳረምን ለታናሹ ለቀቀለት። ቤት ውስጥ ጋቢ እንደመቀባበል ያለ ነገር ነው። ይህ ዊልያም ፒት በኋላ አገሪቱን በሰባቱ ዓመታት ጦርነት የመራው ታላቁ ፒት ነው። ልጁም፣ ታናሹ ዊልያም ፒት፣ በ24 ዓመቱ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆነ።

እኔን የሚገርመኝ ቀጥሎ የመጣው ነው። ታላቁ ፒት በዚያ በር ገብቶ በሩን አወገዘው። በ1766 በፓርላማ ሲናገር እንዲህ ያሉትን የምርጫ ክልሎች የሕገ መንግሥቱ የበሰበሰ ክፍል ብሎ ጠራቸው፤ ይህ መቶ ዓመት አይሻገርም፣ ራሱ ካልወደቀ መቆረጥ አለበት አለ። የበሰበሱ የምርጫ ክልሎች የሚለው አጠራር ታሪክ ውስጥ እንደነገሠ ቀርቷል። ታናሹ ፒት ደግሞ በ1785 ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኖ ሳለ ረቂቅ አቀረበ። 36 የበሰበሱ ክልሎች ለባለቤቶቻቸው ካሳ እየተከፈለ ይዘጉ አለ። 248 ለ174 ተሸነፈ። በፓርላማው ሥልጣን ላይ የተቀመጠው ሰው ያልቻለውን ነገር ማን ይችለዋል? ወንበሩን የያዙት ሰዎች የራሳቸውን ወንበር እንዲቆርጡ ነበር የተጠየቁት።

አሁን ምርጫው በተግባር ምን ይመስል እንደነበር ልንገርዎ። የ1802ቱ ምርጫ ጥሩ ምሳሌ ነው፤ የዘመኑ ሰዎች በዝርዝር መዝግበውታል። ምርጫው የተካሄደው እህል በተዘራበት ማሳ ውስጥ ነው። የጥንቱን ከተማ ወሰን የሚያመለክት አንድ ትልቅ ዛፍ አለ፤ ሰዉ የፓርላማ ዛፍ ይለዋል። ከሥሩ ጊዜያዊ ዳስ ተጣለ። አስመራጩ ወጣ። የመጣለትን የምርጫ ትእዛዝ አነበበ። ጉቦ የሚከለክለውን ሕግም አነበበ። ሕጉ እንዲነበብ ያስገድዳልና አልዘለለውም። ከዚያ አንድ ቄስ ሁለት ዕጩዎች ጠቆሙ፦ ኒኮላስ ቫንሲታርትና ሄንሪ አሌክሳንደር። ሌላ ተወዳዳሪ ካለ ይቅረብ ተብሎ ሦስት ጊዜ ታወጀ። ማንም አልቀረበም። ሁለቱ ተመረጡ። ዳሱ ሥር የነበሩት መራጮች አምስት ናቸው።

አንድ በአንድ ይዩት። ትእዛዙ ተነቧል። የጉቦ ሕጉ ተነቧል። ዕጩ ተጠቁሟል። አዋጁ ሦስት ጊዜ ተነግሯል። ምን ጎደለ? ከሥነ ሥርዓቱ ምንም አልጎደለም። የጎደለው ሕዝብ ነው።

ስለዚህ «ይጭበረበር ነበር ወይ?» ለሚለው መልሴ አይደለም ነው። ይህን ስል ሰው ይከፋዋል። ቢጭበረበር ይሻል ነበር ማለቴ አይደለም። ግን እውነቱ ይሄ ነው፦ ኮሮጆ የሰረቀ የለም፣ ቁጥር የቀየረ የለም፣ መራጭ ያስፈራራ የለም። ምንም መስረቅ አላስፈለገም። በእንዲህ ዓይነት ክልሎች የቦታዎቹ ባለቤት ምርጫ ሲደርስ ለሚያምናቸው ዘመዶችና ወዳጆች ቦታ ቦታውን በወረቀት ያስተላልፋል። እነሱ ይመርጣሉ። ምርጫው ሲያበቃ ወረቀቱ ይመለሳል። ሁሉም በሕግ ፊት ትክክል ነው። ታዛቢ ቢላክ ኖሮ «ሰላማዊና ሥርዓቱን የጠበቀ» ብሎ ሪፖርት ያደርግ ነበር። የምርጫ ጥፋት የሚፈጸመው ድምፅ በሚሰጥበት ቀን ብቻ ይመስለናል። ኦልድ ሳረም ላይ ግን ጥፋቱ ያለው ካርታው ላይ ነው፤ ማን ከማን ጋር እንደሚቆጠር በሚወስነው መስመር ላይ።

በዚያው በ1802 ነው ክልሉ ከፒት ቤተሰብ እጅ የወጣው። የገዛው ኧርል ኦፍ ካሌደን የሚባል የአየርላንድ መኳንንት ነው፤ በኋላ የደቡብ አፍሪካ ኬፕ ገዥ ሆኖ መጥቷል። የከፈለው 60,000 ፓውንድ ነው። መሬቱ በዓመት የሚያስገባው ግን 700 ፓውንድ ገደማ ነበር። ለሣርና ለእህል ማንም ይህን ያህል አይከፍልም። የተገዛው ወንበሩ ነው። በዚያ ዘመን አንድ የፓርላማ ወንበር ለአንድ የምክር ቤት ዘመን እስከ 5,000 ፓውንድ ያወጣ ነበር፤ ስሌቱ ከዚህ ይነሣል። ከዚያ ወዲህ የተመረጡትን ብንመለከት የአሌክሳንደር ስም ይደጋገማል። የካሌደን ቤተሰብ መጠሪያ ነው። በመካከል እንደ ቫንሲታርት ያለ የመንግሥት ሰው ይገባል። እሱ በ1812 የገንዘብ ሚኒስትር ሆኗል።

ከሁሉም ግን በጣም የምወደው የ1801ዱን ታሪክ ነው። ያኔ ባለቤቱ ሎርድ ካምልፎርድ ነበር፤ የፒት ዘር ነው። እሱ ለወንበሩ የመረጠው ጆን ሆርን ቱክን ነው። ሆርን ቱክ ዕድሜ ልኩን ለምርጫ ማሻሻያ የታገለ ሰው ነው። በዚህ የተነሣ በ1794 በአገር ክህደት ተከሶ ነፃ ወጥቷል። ለሕዝብ ድምፅ የታገለው ሰው ፓርላማ የገባው ሕዝብ በሌለበት ክልል ነው። ሌላ በር አልተከፈተለትም። ተቃዋሚዎቹ ወዲያው ተነሡበት። ድሮ ቅስና ተቀብሎ ስለነበር ቄስ ፓርላማ አይገባም አሉ። በዚያው ዓመት ቄሶችን የሚያግድ ሕግ ወጣ። እሱ እስከ ምክር ቤቱ መበተን ድረስ ቆየ፣ ተመልሶ ግን አልገባም። ያ ሕግ የተነሣው በ2001 ነው። ልክ ሁለት መቶ ዓመት። አንድ ባዶ ጉብታ ላይ የተካሄደ ምርጫ ሁለት መቶ ዓመት የቆየ ሕግ ወለደ።

ለምን ይህን ያህል ጊዜ ዝም ተባለ? አንዱ ምክንያት ንብረት ነው። ወንበሩ በገንዘብ ተገዝቷል፣ በውርስ ተላልፏል፣ ለባንክ ዕዳ ዋስትና የሚሆን ነገር ነው። እሱን መንካት የሰው ንብረት መቀማት ተደርጎ ይታይ ነበር። ሌላው ምክንያት ሐሳብ ነው። እንደራሴ የላከውን ቦታ ሳይሆን አገሩን ሁሉ ይወክላል ይሉ ነበር። ስለዚህ ትልቁ የፋብሪካ ከተማ ማንቸስተር እንደራሴ ባይኖረውም ሌላው ይናገርለታል። ይህ ክርክር ሙሉ በሙሉ ከንቱ ነው አልልም። ደጋፊዎቹ ፒትን ያነሣሉ፤ በዚያ በር ባይገባ ማን ያውቀው ነበር ይላሉ። እኔ ግን አልቀበለውም። አንድ ጎበዝ ወጣት ያገኘው ዕድል በሌላ መቶ ሺህ ሰው ድምፅ የተከፈለ ነው።

መቶ ሺህ ያልኩት ለማጋነን አይደለም። በ1831 ማንቸስተርና በርሚንግሃም እያንዳንዳቸው ከመቶ ሺህ በላይ ሕዝብ ነበራቸው። ፋብሪካው፣ ሠራተኛው፣ ሀብቱ እዚያ ነው። የራሳቸው እንደራሴ ግን አንድም የላቸውም። ኦልድ ሳረም ሦስት ቤትና ሰባት ነዋሪ ነበረው። መራጮቹ 11 ናቸው። አንዳቸውም እዚያ አይኖሩም። እንደራሴዎቹ ሁለት። በነሐሴ 1819 ማንቸስተር ውስጥ ወደ 60,000 ሰው አደባባይ ወጥቶ ውክልና ጠይቆ ነበር። ፈረሰኛ ጦር ገባበት። እስከ 18 ሰው እንደሞተ ይነገራል፤ የቆሰለው በብዙ መቶ ነው። ስለ ካርታ የሚነሣ ጥያቄ ደረቅ የቢሮ ጉዳይ ለሚመስለው ሰው ይህችን ቀን አነሣለታለሁ።

አንድ ጊዜ ካርታው ተስተካክሎ ነበር። ብዙ ሰው ይህን አያውቅም። ንጉሥ ቻርልስ 1ኛ ከተገደለ በኋላ፣ አገሪቱ ያለ ንጉሥ በክሮምዌል በተመራችበት ዘመን፣ ወንበሮቹ እንደ አዲስ ተከፋፈሉ። ኦልድ ሳረም ተሰረዘ፤ በ1654ና በ1656 በተጠሩት ምክር ቤቶች ወንበር አልነበረውም። በ1659 ግን ወደ ድሮው ዝርዝር ተመለሱ፣ ኦልድ ሳረምም አብሮ ተመለሰ። ከመጥፎው ሥርዓት ጋር ጥሩው ካርታም ተጣለ። ሌላ 173 ዓመት መጠበቅ ግድ ሆነ።

መጨረሻው መምጣት የጀመረው በ1831 ነው። መጋቢት 1 ቀን ሎርድ ጆን ራስል የማሻሻያውን ረቂቅ ለታችኛው ምክር ቤት አቀረበ። አንድ ባዕድ አገር ሰው ስለ እንግሊዝ ነፃነት ሰምቶ ቢመጣ ብሎ ጠየቀ፤ ወደ ፈረሰ ጉብታ ወስደን ይህ ሁለት እንደራሴ ይልካል ብንለው ምን ይላል? ሁሉም ጉብታው የቱ እንደሆነ ያውቃል። ከሦስት ሳምንት በኋላ ድምፅ ተሰጠ። 302 ለ301። በአንድ ድምፅ አለፈ። እዚህ ላይ ቆም ብለው ያስቡ። አገር በአንድ ድምፅ በሚወሰንበት ቀን አንድ የእህል ማሳ ሁለት ድምፅ ነበረው።

ትግሉ በዚያ አላበቃም። ምክር ቤቱ ተበትኖ አዲስ ምርጫ ተጠራ። የመኳንንቱ ምክር ቤት ጥቅምት ላይ 199 ለ158 ጣለው። በብሪስቶል፣ በኖቲንግሃምና በደርቢ ረብሻ ተነሣ፣ ቤት ተቃጠለ። በመጨረሻ ሕጉ ሰኔ 7 ቀን 1832 ጸደቀ። 56 የምርጫ ክልሎች ሙሉ በሙሉ ተሰረዙ፣ 30 ደግሞ ከሁለት ወንበር አንዱን አጡ። ማንቸስተር፣ በርሚንግሃም፣ ሊድስና ሼፊልድ የራሳቸውን እንደራሴዎች አገኙ። ለኦልድ ሳረም ባለቤት ካሳ አልተከፈለም። በ1800 የአየርላንድ ፓርላማ ሲዘጋ ወንበር ላጡ ባለቤቶች በአንድ ክልል 15,000 ፓውንድ ተከፍሎ ነበር። በሠላሳ ዓመት ውስጥ ድምፅ ንብረት ነው የሚለው እምነት ምን ያህል እንደተሸረሸረ ከዚህ ይታያል። የፓርላማው ዛፍ ግን ከክልሉ በላይ ኖሯል። የደረቀው በ1905 ነው።

ይህ ሕግ ለድሃው ሰው ድምፅ ሰጠ ብለው እንዳያስቡ። የሴቶች ነገር አልተነሣም፣ ሠራተኛውም በአብዛኛው ውጭ ቀረ። የድምፅ ምስጢራዊነት እንኳ የመጣው በ1872 ነው። ክልሎችን በቋሚነት የሚከልሱ ኮሚሽኖች የተቋቋሙት ደግሞ በ1944 ነው። ከኦልድ ሳረም መሰረዝ 112 ዓመት በኋላ መሆኑ ነው። አሁን ከጥቂት ደሴቶችና ልዩ ሁኔታዎች በስተቀር እያንዳንዱ ክልል ከአማካዩ የመራጭ ቁጥር ከ5 በመቶ በላይ መራቅ አይችልም። ለ2024ቱ ምርጫ አማካዩ 73,393 ነበር። በየስምንት ዓመቱ ይከለሳል።

ወደ እኛ ስመጣ፣ ኦልድ ሳረም ኢትዮጵያ ውስጥ ነበር ልል አልችልም። እኛ የጀመርነው ከሌላ ቦታ ነው። በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ለሕግ መምሪያ ምክር ቤት ምርጫ ሲፈቅድ ወንዱም ሴቱም መራጭ ሆነዋል፣ ክልሎቹም በሕዝብ ብዛት ላይ ተመሥርተዋል። መሬት ድምፅ አልነበረውም። መሬት የገባው በሌላ በር ነው። ዕጩ ለመሆን በክልሉ ነዋሪና ንብረት ያለው መሆን ያስፈልግ ነበር። ጭሰኛው መምረጥ ይችላል። መመረጥ ግን ይከብደዋል።

የዛሬው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 103 ደግሞ በየአሥር ዓመቱ የሕዝብ ቆጠራ ይካሄዳል ይላል። የምርጫ ክልሎች ወሰንም በቆጠራው ውጤት ላይ ተመሥርቶ፣ ምርጫ ቦርድ አቅርቦ፣ የፌዴሬሽን ምክር ቤት ይወስናል። ሐሳቡ ግሩም ነው። ኦልድ ሳረም ያጣው ልክ ይሄንን ነበር። ችግሩ የመጨረሻው ቆጠራ የተካሄደው በ1999 ዓ.ም. መሆኑ ነው። የሚቀጥለው ተራዝሞ፣ በ2011 ዓ.ም. እንደገና ተራዝሟል። አዲስ አበባ በሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት 23 ወንበር አላት። በ1999ኙ ቆጠራ ሕዝቧ 2.74 ሚሊዮን ገደማ ነበር፤ በአንድ ወንበር ወደ 119,000 ሰው ማለት ነው። ከዚያ ወዲህ ስንት ሰው ከገጠር ወደ ከተማ እንደገባ፣ ስንት ኮንዶሚኒየም እንደተሠራ፣ መሐል ከተማው ፈርሶ ሰዉ ወደ ዳር እንደወጣ እርስዎም ያያሉ። አንዳንዱን መንደር ደግሞ ጦርነትና መፈናቀል ባዶ አድርጎታል። ሰዉ ተነቃንቋል። መስመሩ አብሮ ተነቃንቋል ወይ ብሎ መጠየቅ የማንም ፓርቲ ጥያቄ አይደለም።

ይህ ሁሉ ሲባል ሕገ መንግሥታችን እኩልነትን በቁጥር ብቻ አልተረጐመም። ከ550 የማይበልጡት መቀመጫዎች ውስጥ ቢያንስ 20ው ቁጥራቸው አነስተኛ ለሆኑ ብሔረሰቦች ናቸው። እዚያ አንድ ወንበር በጥቂት ሰው ይያዛል። ይህን ከኦልድ ሳረም ጋር የሚያመሳስሉ ሰዎች አጋጥመውኛል፤ አልስማማም። እዚያ ጥቂት ሰዎች አሉ፣ ይኖራሉ፣ ይመርጣሉ፤ ሆን ተብሎ፣ በግልጽ ተጽፎ የተሰጣቸው ነው። ኦልድ ሳረም ላይ ማንም አልወሰነም። ዝም ተብሎ የተተወ ነው።

ገጠር እንዳደጉ ጽፈውልኛል። እንግዲህ ይህን ያድርጉ። ያደጉበትን ምርጫ ክልልና አሁን የሚኖሩበትን ክልል የተመዘገበ መራጭ ቁጥር ይፈልጉ። ምርጫ ቦርድ ያወጣቸዋል። በመጀመሪያ ሁለቱን ቁጥሮች ጎን ለጎን ይጻፉ። ከዚያ በሁለቱ ቦታ በእርስዎ ዕድሜ ስንት ሰው እንደሄደና እንደመጣ የሚያውቁ ሽማግሌ ይጠይቁ፤ ከቁጥሩ ይልቅ እነሱ ቀድመው ያውቃሉ። ያገኙትን ከላኩልኝ በሚቀጥለው አብረን እናሰላዋለን።